ሳይተቃቀፉ የተለያዩ እናትና ልጅ

ልጆቼ፣

የፊልም ድርሰት እንዴት እንደሚጻፍ ስትጠይቁኝ ከራሴ ይልቅ የአንድ ኮሪያዊ ነገር ይታወሰኛል። ሶንግ ጊልሃን ይባላል። እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1940 ጆንጁ ከተማ ተወለደ፤ ሴኡል ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሕግ ተማረ። በ1970 ግን አንድ ትልቅ ጋዜጣ በየዓመቱ ለጀማሪ ደራስያን በሚያዘጋጀው ውድድር አሸነፈና ወደ ሲኒማ ገባ።

ዘመኑ ለጸሐፊ ክፉ ነበር። ካሜራ ሳይነሳ ድርሰቱ ሳንሱር ፊት ይቀርባል። ኩባንያዎቹም የአገር ውስጥ ፊልም የሚሠሩት አብዛኛውን ጊዜ የውጭ ፊልም ማስገቢያ ፈቃድ ለማግኘት ስለነበር ጥራቱ ብዙም አያስጨንቃቸውም። እሱም ዓመታት የገበያ ፊልም ሲጽፍ ኖረ። ከዳይሬክተር ኢም ክዎንቴክ ጋር ሆኖ ስሙን ያስጠሩለትን ሥራዎች መጻፍ ሲጀምር አርባ ዓመቱ ነበር። ይህን የምነግራችሁ በሃያ አምስት ዓመታችሁ «አለፈብኝ» እያላችሁ ለምትደውሉልኝ ነው።

ከሁሉም የማልረሳው «ጊልሶተም» የተባለውን ፊልሙን ነው። በ1983 የኮሪያ ቴሌቪዥን በኮሪያ ጦርነት የተጠፋፉ ቤተሰቦችን የሚያገናኝ የቀጥታ ስርጭት ጀመረ። 138 ቀን ዘለቀ፤ ከ10,000 በላይ ቤተሰቦች ተገናኙ። እንዲህ ያለውን እንባ እኛም በቴሌቪዥናችን አይተነዋል፤ አብረንም አልቅሰናል። ሶንግ ግን ካሜራው ከጠፋ በኋላ ምን ይሆናል ብሎ ጠየቀ። በ1985 በተሠራው ፊልም ኑሮዋ የተደላደለ ሴት የልጅነት ፍቅረኛዋን ታገኛለች። አብረው የጠፋ ልጃቸውን ፍለጋ ይሄዳሉ። የሚያገኙት ሰው ድሃ፣ አፉ ያልታረመ ነው። የደም ምርመራው ልጃቸው ሳይሆን አይቀርም ይላል። እሷ ግን ያቺን «ሳይሆን አይቀርም» የምትባል ቀዳዳ ይዛ አልቀበልም ትላለች። ከዚያ መኪናዋን አስነስታ ትሄዳለች፤ መንገድ ላይ ለአፍታ ትቆምና እንደገና ትነዳለች።

እኔም በወጣትነቴ ተመሳሳይ ታሪክ ጽፌ ነበር፤ ያለመተቃቀፍ የሚያልቅ። አዘጋጁ «ሰው ሳያለቅስ እንዴት ወደ ቤቱ ይሄዳል?» አለኝ። በአንድ ሌሊት ለወጥኩት፤ እናትና ልጅ ተቃቀፉ። ተጨበጨበልኝ። በሳምንቱ ግን ታሪኩን የሚያስታውሰው ሰው አልነበረም። እውነቱን ለመናገር፣ እኔም ረስቼው ነበር።

ሶንግም ሁሉ ነገር አልተሳካለትም። በ1984 ስለ አንዲት የቡድሃ መነኩሲት የጻፈው ድርሰት ቀረጻው ተጀምሮ፣ ተዋናይቷ ኪም ጂሚ ጸጉሯን እስከ መላጨት ደርሳ፣ መነኮሳት ስለተቃወሙት ቆመ። ከ33 ዓመት በኋላ፣ በ2017፣ የተወለደባት ጆንጁ በፊልም ፌስቲቫሏ ላይ ሥራዎቹን ስትዘክር ከዚያ ቀረጻ የተረፈው ታየ። ድምፅ የለውም። ተዋናዮቹ አፋቸውን ሲያንቀሳቅሱ ይታያል፤ ምን እንደሚሉ ከሚያውቁት ጥቂት ሰዎች አንዱ ያን ጊዜ 77 ዓመት ገደማ የሆነው ጸሐፊ ነበር።

እናንተም ሳይሠራ የቀረ ድርሰታችሁን አንድ ቅጂ ደረቅ ቦታ አስቀምጡ። የእኔን የመጀመሪያውን፣ ያልተቃቀፉበትን፣ አይጥ በልቶታል።