የቦሎቄውን ውሃ አትድፊው

እህቴ፣ «ጥቁር ቦሎቄ ከጥሬው ቀቅዬ፣ ፈጭቼ በዘይት ባማስለው ግራጫና ደረቅ ሆነብኝ፤ የሜክሲኮዎቹ እንዴት እንደዚያ ይጠቁራል፣ ይለሰልሳል?» ብለሽ ጠይቀሻል። የቀቀልሽበትን ውሃ ደፍተሽው መሆን አለበት። እኔም ደፍቼዋለሁ። ሎስ አንጀለስ ምግብ ቤት ውስጥ አብራኝ ትሠራ የነበረች፣ ከሜክሲኮ ኦአሃካ ግዛት የመጣች ሴት ያንን ጥቁር ውሃ ሳፈስ ደርሳ እጄን እንደ ሌባ ያዘችው። ቀለሙም ጣዕሙም ያለው እዚያ ውስጥ ነው።

ከእርሷ እንደተማርኩት ጥቁሩን ቦሎቄ አልዘፈዝፈውም። ግማሽ ኪሎውን ለቅሜ አጥበዋለሁ፤ ከላዩ አራት ጣት የሚያልፍ ውሃ፣ ግማሽ ሽንኩርትና ሁለት ፍንካች ነጭ ሽንኩርት እጨምርበታለሁ። መጀመሪያ አሥር ደቂቃ በኃይል ይፍላ፤ በደንብ ያልፈላ ቦሎቄ ሆድ ያማል። ከዚያ በዝግታ ለሁለት ሰዓት ያህል ይንተክተክ። ውሃው ከጎደለ የፈላ ውሃ ጨምሪ። ጨው ፍሬው መለስለስ ሲጀምር ይገባል፤ ቲማቲምና ሎሚ ግን ሳይበስል ከገቡ ያጠነክሩታል። በሁለት ጣት ስትጫኚው ልጣጩ ጭምር ከደቀቀ በስሏል። ሱቅ ውስጥ ዓመታት የከረመ ቦሎቄ ሌሊቱን ሙሉ ቢቀቀልም አይለሰልስም፤ ጥፋቱ የአንቺ አይደለም። አዲስ አበባ ያላችሁ ደግሞ ውሃው በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሚፈላ ቦሎቄው ቶሎ አይበስልም፤ ፕሬዠር ኩከር ቢኖራችሁ ትገላገላላችሁ።

አሁን ወደ መጥበሻው። የስፓኒሽ ስሙን፣ «ፍሪሆሌስ ሬፍሪቶስ»ን፣ «ሁለት ጊዜ የተጠበሰ ቦሎቄ» ብለው የሚተረጉሙት ተሳስተዋል፤ ሜክሲኮዎች «ሬ» ሲጨምሩ «በደንብ» ለማለት ነው። የሚጠበሰው አንዴ ነው። እነርሱ የአሳማ ስብ ይጠቀማሉ፤ በጣሳ የሚሸጠውም ብዙ ጊዜ ስብ ስላለበት ለጾመኛም ለሙስሊምም ቤት ውስጥ መሥራቱ ይሻላል። እኔ በአራት የሾርባ ማንኪያ ዘይት ደቃቅ ሽንኩርት አቁላላለሁ፤ ዘይት የስብን ያህል ጣዕም ስለማይሰጥ ሽንኩርቱን እንደ ወጥ ሳልቸኩል እስኪጠቋቁር አቆየዋለሁ። ከዚያ ቦሎቄውን ከነውሃው በጭልፋ እየጨመርኩ በድንች መጨፍለቂያ እጨፈልቀዋለሁ። አንዱ ጭልፋ ሳይመጥ ሌላውን አታስከትዪ። መፍጫ ማሽን አልወድም፤ ሊጥ ያደርገዋል።

ማማሰያውን ስትጎትቺ የመጥበሻው ወለል ለአፍታ ከታየ አውርጂው። «ገና ቀጭን ነው» ትያለሽ፤ ተዪው፤ እንደ ሽሮ ሲበርድ ይጠጥራል። እንደ ሽሮም ይረጫል፤ ክንድሽን ጠብቂ።

ኦአሃካዎች የአቮካዶ ቅጠል አሙቀው ይጨምሩበታል፤ ሽታው እንስላልን ያስታውሳል። ደጅሽ ካለው ዛፍ ግን እንዳትቆርጪ፤ ቅጠሉ የማይበላ ዝርያ ስላለ ከሜክሲኮዎች ሱቅ የደረቀውን ግዢ። እኔ ሲጠፋብኝ ቆንጠር አድርጌ ኮሰረት እጨምራለሁ። ሽታው ሌላ ቢሆንም ኮሰረት የሜክሲኮ ኦሬጋኖ የሚባለው የቅመም ቅጠል የቅርብ ዘመድ ስለሆነ አልከፋኝም። ያቺ ሴት ቀምሳ ፊቷን አጨማደደች፤ ሳህኑን ግን ጠርጋ በላች።

ከውሃው የተረፈ ካለ በጠርሙስ ማቀዝቀዣ ውስጥ አስቀምጪው፤ በማግስቱ ስታሞቂው ያንኑ ጨምሪበት።