«እምቡጧ ሳይፈካ ይረግፋል»

ጥያቄ፦ ሳሎን መስኮት ሥር ያለችው ጽጌረዳዬ እምቡጧ ሳይፈካ ይረግፋል፣ ቅጠሏም ተጠቅልሏል። ከሥሯ ያለው ጠረጴዛ ይጣበቃል፣ ጉንዳንም አልጠፋ አለኝ። ፍሊት ነፋሁበት፤ ራባት ብዬ ዩሪያም ጨመርኩላት። ባሰባት እንጂ አልተሻላትም። (ከደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር)

መልስ፦ እህታችን፣ ስለ ተባይ ባይጽፉም ጉንዳኑና የሚጣበቀው ጠረጴዛ ክሽክሽ የተባለው ጥቃቅን የተክል ተባይ መሆኑን ይናገራሉ። ለጋውን ቀንበጥ ገልበጥ አድርገው ከእምቡጡ አንገት ሥር ይዩ፤ ከጤፍ ፍሬ ጥቂት ከፍ የሚሉ አረንጓዴ ነፍሳት ተጣብቀው ያገኛሉ። በመካከላቸው ያለው ነጭ ብናኝ የገፈፉት ቆዳቸው ነው። ጉንዳኑ የሚመጣው ክሽክሹ የሚያንጠባጥበውን ጣፋጭ ፈሳሽ ሊልስ ነው።

ዩሪያውን ያቁሙ፤ ክሽክሽ የሚወደውን ለስላሳ ቀንበጥ ያበዛለታል። ፍሊቱን ደግሞ እባክዎ ይተዉት። በብርዱ መስኮት ዘግቶ፣ ልጆች በሚተኙበት ቤት አበባ ላይ ፍሊት መንፋት በደሴም በኮምቦልቻም ደጋግመን የምናየው ልማድ ነው። ከቅርብ ሲነፋ ለጋ ቅጠል ያቃጥላል፤ ተጠቅልሎ በተደበቀው ክሽክሽ ላይ ግን እምብዛም አይደርስም። ለእርሻ የተሠራውን የተባይ መርዝ ማላታዮንን ሳሎን ውስጥ የሚረጩማ ቤተሰባቸውን አደጋ ላይ ይጥላሉ።

መድኃኒቱ ሳሙና ነው። ኦሞና የዕቃ ማጠቢያ ፈሳሽ ቅጠል ስለሚጎዱ አይሆኑም፤ ሽቶ የሌለው ደረቅ ሳሙና ይፈቅፍቁና 5 ግራም ያህሉን (ሁለት የሻይ ማንኪያ ገደማ) ለብ ባለ 1 ሊትር ውሃ ያሟሙ። ነጭ አረፋ እንደ እርጎ ከቋጠረ ውሃው ለሳሙና አይመችምና በዝናብ ውሃ ይተኩት። የመርጫው አፍ እንዳይደፈን በጨርቅ ያጥሉት። አንድ ቅጠል ላይ ሞክረው አንድ ቀን ይጠብቁ።

ካልጎዳ፣ በጣም የተወረረውን ጫፍ ቆርጠው በፌስታል ቋጥረው ይጣሉ። አፈሩን በሌላ ፌስታል ሸፍነው ተክሏን ያዘንብሉና የቅጠሉን ጀርባ በጣትዎ እያሹ በውሃ ያጥቡ፤ አብዛኛው በዚሁ ይረግፋል። ከዚያ ሳሙናውን እስኪንጠባጠብ ድረስ ይርጩ። ሳሙና የሚገድለው እርጥብ ሳለ የነካውን ብቻ ነው፤ ከደረቀ ኃይል የለውም። ስለዚህ ፀሐይ ዘወር ስትል፣ አመሻሹ ላይ ይሁን። ከአንድ ሰዓት በኋላ በንጹህ ውሃ ያለቅልቁ።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው አንዴ ረጭቶ ሲተው ነው። የክሽክሽ እንስት ያለ ወንድ ትወልዳለች፤ ልጆቿም በሳምንት ገደማ ራሳቸው ወላድ ይሆናሉ። በየ5 ቀኑ ሦስት ጊዜ ይድገሙት፤ ሙቀቱ በሚያፈጥነው ኮምቦልቻ በየ4 ቀኑ። እስከ ሦስተኛው ርጭት ጽጌረዳዋን ከሌሎቹ አበቦች ለይተው ያቆዩ።

ያዩት ነገር ጥጥ የሚመስል ከሆነ ግን ክሽክሽ አይደለም፤ እያንዳንዱን በአልኮል በነከሩት ጥጥ ይንኩት።