በሰኔ ፀሐይ የምትጠልቅበት ሰዓት

ውድ ወጣቶች፣

ባለፈው ሰሞን አንዲት የፊዚክስ ተማሪ የጠየቀችኝ ጥያቄ እንቅልፍ ነሥቶኛል። አጎቷ ስለ ጊዜ ምስጢርና ስለ ሰማይ ኃይል ወፍራም ድርሰት ጽፈው «አንቺ የተማርሽ ነሽና አስተያየትሽን ስጪኝ» ይሏታል፤ እርሷም ስሕተት አግኝታበት ኖሮ «ሳላስቀይማቸው ምን ልበላቸው?» ስትል ወደ እኔ መጣች። ይህን ጥያቄ እኔም በወጣትነቴ ራሴን ጠይቄው ነበር፤ ያኔ የሰጠሁት መልስ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ከዩኒቨርሲቲ በወጣሁ በሁለተኛው ዓመት፣ የባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም የቤተ ክርስቲያን የዘመንና የበዓላት ስሌት ሊቅ የነበሩ አንድ መሪጌታ 14 ዓመት የደከሙበትን ድርሰት እንዳነብላቸው ሰጡኝ። ገጾቹ በእጅ የተጻፉ፣ ሰንጠረዦቹም በቀይ ቀለም የተሰመሩ ነበሩ። የመጀመሪያው ክፍል የዘመን ቆጠራን የሚያስረዳ ሲሆን፣ እንደዚያ አጥርቶ ያስተማረኝ ሰው ከዚያ በፊትም በኋላም አላጋጠመኝም። በዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ደምረው ዓመተ ዓለሙን፣ ማለትም ከፍጥረት ጀምሮ የሚቆጠረውን ዓመት ያወጣሉ፤ እርሱን በ19 ገድፈው (አካፍለው ቀሪውን ይዘው) ከተረፈው ላይ አንድ ሲቀንሱ ወንበር፣ የዓመቱ መነሻ ቁጥር፣ ይገኛል፤ ወንበሩ በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ አበቅቴ (የጨረቃ ቆጠራ ትርፍ)፣ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ ደግሞ መጥቅዕ (አጽዋማትና በዓላት የሚወጡበት ቁጥር) ይሆናል። አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ ምንጊዜም 30 እንደሚሞሉ በጣቶቻቸው አንጓ እየቆጠሩ ያሳዩኝን አልረሳውም። አሁንም አዲስ ዓመት በመጣ ቁጥር በጣቴ እሠራዋለሁ፤ የ2016 ዓ.ም. ወንበር 10፣ አበቅቴው 20፣ መጥቅዑ 10 ነበር።

ሁለተኛው ክፍል ዐቢይ ቀመር ከሚባለው ከ532 ዓመቱ የዘመን ዙር ተነሥቶ፣ 19 በ28 ሲባዛ በዓላትና ዕለታት ወደ ቦታቸው እንደሚመለሱ ሁሉ የሰማይ ኃይልም አብሮ ይመለሳል ይላል። ቀመሩ የሚመልሰው የቀን ቁጥርን እንጂ ኃይልን አይደለም፤ በፊዚክስ ኢነርጂ በጁል የሚሰፈር ነገር ነው፣ የእርሳቸው ኃይል ግን መስፈሪያ አልነበረውም። ይህን እንኳ እንደ ምሳሌያዊ አነጋገር ልናልፈው እንችል ነበር። የማይታለፈው ሦስተኛው ክፍል ነበር።

እዚያ ላይ መሪጌታ፣ ሙሉ በሙሉ በግዕዝ ብቻ ተጠብቆ የቆየውን መጽሐፈ ሄኖክን መሠረት አድርገው፣ ቀንና ሌሊቱን በ18 እጅ ከፍለው፣ ቀኑ እጅግ በሚረዝምበት ወቅት 12 እጅ ለብርሃን፣ 6 እጅ ለጨለማ ሰጡ፤ የየዕለቱንም ኃይል ከዚህ አሰሉ። አንዱ እጅ 1 ሰዓት ከ20 ደቂቃ ነውና 12 እጅ ማለት 16 ሰዓት ነው። በሰኔ ጠዋት በ12 ሰዓት የወጣች ፀሐይ ከምሽቱ 4 ሰዓት ትጠልቃለች ማለት ነው። በአገራችን ረጅሙ ቀን 13 ሰዓት ገደማ ነው፤ 16 ሰዓት የሚሆነው ከምድር ወገብ ርቆ በሰሜን 49 ዲግሪ አካባቢ ነው። ይህን ባነበብኩበት ሌሊት አውቄዋለሁ። ነገር ግን እርሳቸው አባቴ የሚሆኑ ሰው ናቸው፤ ሰንጠረዦቹን በቀይ ቀለም ያሰመረች እጃቸው ስትንቀጠቀጥ አይቻለሁ፤ ይሉኝታ ያዘኝ። «በሳይንስም የሚደገፍ ሥራ» ብዬ መቅድም ጻፍኩላቸው፣ እርሳቸውም ያጠራቀሙትን ገንዘብ አውጥተው አሳተሙት።

ድርሰቱ በተመረቀበት ዕለት አንድ ወጣት ከኋላ ተነሥቶ «መሪጌታ፣ ትናንት ፀሐይ የጠለቀችው ስንት ሰዓት ነው?» ሲል ጠየቀ። ወሩ ሰኔ ነበር። አዳራሹ በሳቅ ሞላ። መሪጌታ ወደ እኔ ዞሩ፤ እኔም ዓይኔን ከወረቀቴ ላይ አላነሣሁም።

የዛሬ ወጣቶች ነገር ያሳስበኛል፤ እንዲህ ያለ ሥራ ሲቀርብላቸው ገና ርእሱን አይተው ይስቃሉ፣ ቀድሞ የሳቀም እንደ አዋቂ ይቆጠራል። የመሪጌታን ድርሰት የመጀመሪያ ክፍል ዛሬ የሚያነብ ሰው የለም፤ በሦስተኛው ምክንያት ሁሉም አብሮ ተጣለ። ይህን ብልም ያን የጠየቀ ወጣት ልወቅሰው አልችልም፤ እርሱም ቢሆን ድርሰቱን አላነበበውም፣ ያደረገው ግን እኔ ከእርሱ ሁለት ዓመት ቀድሜ ማድረግ የነበረብኝን ነው።

ለተማሪዋ የጻፍኩላት አጭር ነው፦ ድርሰቱ ሳይታተም ዛሬውኑ ወደ አጎትሽ ሂጂ፤ በሰው ፊት ሳይሆን ሁለታችሁ ብቻችሁን ሁኑ፤ ልክ የሆነውን ከልክ ካልሆነው ለይተሽ፣ በእርሳስ እያሰመርሽ አሳዪያቸው፤ የሚለካ ነገር ካለም አብራችሁ ለኩ። አንድ ሰኔ፣ አንድ የእጅ ሰዓትና አንድ የተተከለ በትር ለመሪጌታ በቂያቸው ነበር።

ለእርሷ ያልጻፍኩላት አንድ ነገር አለ። ከምረቃው በኋላ ወር ቆይቼ ይቅርታ ልጠይቃቸው ቤታቸው ሄድኩ። መሪጌታ አልተቆጡም። «ልጄ፣ መቼ ነው ያወቅኸው?» አሉኝ።

«መጀመሪያ ያነበብኩ ዕለት» አልኳቸው።

ዝም ብለው ቆዩና «የባሕረ ሐሳቡስ ክፍል? እርሱስ ልክ ነው?» ሲሉ ጠየቁኝ።

«እርሱስ አንድም ስሕተት የለበትም» አልኩ። እውነቴን ነበር፤ እያንዳንዱን ቁጥር ሁለት ጊዜ ሠርቼዋለሁ። መሪጌታ ግን ፊቴን ትኩር ብለው ሲመለከቱ ከቆዩ በኋላ «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ብለው ነጠላቸውን አስተካከሉ፤ እንዳላመኑኝም አወቅሁ።