ስለ ካፒቴን ኤድዋርድ ቢች ጥያቄና መልስ፦ በሰርጓጅ መርከብ የተዋጋና ስለ ሰርጓጅ መርከብ የጻፈ መኮንን

ስለ ሰርጓጅ መርከብ ውጊያ ሲነሳ ብዙ ጊዜ የሚወራው በአትላንቲክ ስለነበሩት ጀርመኖች ነው። እኔ የምመልሰው ግን አሜሪካኖች በፓስፊክ ውቅያኖስ ጃፓንን ስለ ተዋጉበት ጦርነትና ያንን ጦርነት ከውስጡ ሆኖ ስለ ጻፈው ስለ ኤድዋርድ ቢች ለቀረቡልኝ ጥያቄዎች ነው። ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። ቢች የጻፈውን በዓይኑ አይቶታል ወይስ ከሌሎች ሰምቶ ነው የጻፈው?

መልስ፦ አብሮ ይስጥልን። አብዛኛውን አይቶታል። በ1918 በኒው ዮርክ ተወለደ፤ በ1939 ከባሕር ኃይል አካዳሚ ተመረቀ። ትሪገር የምትባለው ሰርጓጅ መርከብ በ1942 መጀመሪያ ለአገልግሎት ስትበቃ ከመጀመሪያዎቹ መኮንኖቿ አንዱ ነበር፤ ቀስ በቀስም ምክትል አዛዥ ለመሆን በቃ። ቀጥሎ በቲራንቴ ላይ የአዛዡ የጆርጅ ስትሪት ምክትል ሆነ። ቲራንቴ በኤፕሪል 1945 በኮሪያ አጠገብ ባለችው በቼጁ ደሴት ወደሚገኝ መልሕቅ መጣያ በሌሊት ገብታ መርከቦች አሰጠመች፤ ውኃው ለመስረግ የማይበቃ ስለነበረ ይህን ሁሉ ያደረገችው ላይ ላዩን እየሄደች ነው። ስትሪት የአገሪቱን ከፍተኛ የጀግንነት ሜዳይ፣ ቢች ደግሞ የባሕር ኃይል መስቀል ተሸለሙ። ጦርነቱ ሲያበቃ ቢች ፓይፐር የምትባል የራሱን መርከብ ያዝዝ ነበር።

ጥያቄ፦ ከመጽሐፎቹ የትኛውን ላስቀድም?

መልስ፦ ሰው ሁሉ የሚያውቀው በ1955 የወጣውን «ረን ሳይለንት፣ ረን ዲፕ» (ጸጥ ብለህ ሂድ፣ ጠልቀህ ሂድ) የተባለውን ልብ ወለድ ነው። እኔ ግን በ1952 የታተመውን፣ «ሰብማሪን!» የተባለውን የመጀመሪያ መጽሐፉን አስቀድመው እንዲያነቡ አጥብቄ እመክራለሁ። በዚህ መጽሐፍ የትሪገር ታሪክ ከሌሎች መርከቦች ታሪክ ጋር እየተፈራረቀ ይቀርባል። ቢች ትሪገርን በ1944 ተሰናብቶ ነበር፤ እርስዋም በማርች 1945 ከነሠራተኞቿ ጠፋች፣ አንድም ሰው አልተረፈም። በዚያው ሰሞን ትሪገርን በሬዲዮ ደጋግመው ጠርተው መልስ ካጡት መርከቦች አንዷ ቢች ያለባት ቲራንቴ ነበረች። በእኔ እምነት ከዚያ በኋላ የጻፈው ነገር በሙሉ ከዚህ ዝምታ የመነጨ ነው። ስማቸውን፣ ጠባያቸውንና በየትኛው ክፍል ይሠሩ እንደነበር የሚያውቃቸው ሰዎች መቃብር እንኳ ሳይኖራቸው ሲቀሩ፣ ስለ እነርሱ የሚናገር እማኝ ሆኖ የቀረው እርሱ ነው።

ጥያቄ፦ ቢች የአሜሪካ ቶርፒዶዎች (በውኃ ውስጥ እየሄዱ መርከብ የሚመቱ ፈንጂዎች) የማይሠሩ ነበሩ እያለ ደጋግሞ ያማርራል። ይህ እውነት ነው ወይስ ወታደር ዒላማ ሲስት የሚያቀርበው ሰበብ?

መልስ፦ እውነት ነው፤ ይህን ያልተረዳ ሰው የቢችን ቁጣ ሊረዳ አይችልም። ማርክ 14 የተባለው ቶርፒዶ ሦስት ጉድለቶች ነበሩበት፤ አንዱ ሌላውን ይሸፍን ስለነበረ ለመለየት ሁለት ዓመት ያህል ፈጀ። አንደኛ፣ ከተሞላለት ጥልቀት ሦስት ሜትር ያህል ወርዶ ስለሚሄድ ከመርከቡ ሥር ያልፍ ነበር፤ ይህ በ1942 በአውስትራሊያ ዳርቻ መረብ ተዘርግቶ በተደረገ ሙከራ ተረጋገጠ። ሁለተኛ፣ በመርከቡ ብረት መግነጢስ እንዲፈነዳ የተሠራው መሣሪያ አንዳንዴ ገና ሳይደርስ ይፈነዳል፣ አንዳንዴም ጨርሶ አይፈነዳም። ሦስተኛውና ይበልጥ የሚያሳዝነው ግን ፈንጂውን የሚቀሰቅሰው መርፌ ነው፤ ቶርፒዶው የመርከቡን ጎን በቀጥታ ሲመታ መርፌው ከግጭቱ ኃይል የተነሣ ተጣሞ ይቀራል፣ በሰያፍ ሲመታ ግን ይሠራል። አነጣጥሮ የተኮሰው አዛዥ የሚከሽፍበት፣ ያዘነበለበት አዛዥ የሚሳካለት መሣሪያ ነበር ማለት ነው።

በጁላይ 1943 ቲኖሳ የተባለችው መርከብ አንድ ትልቅ የጃፓን መርከብ መትታ ካቆመች በኋላ፣ ባለበት ቆሞ ሳለ በተረጋጋ ሁኔታ ቶርፒዶ በላይ በላዩ ተኮሰችበት፤ እየመቱት አልፈነዱም። አዛዡ የመጨረሻውን ቶርፒዶ ሳይተኩስ ለምርመራ ይዞት በሃዋይ ወዳለው የባሕር ኃይል ወደብ ወደ ፐርል ሃርበር ተመለሰ፤ በሃዋይ ገደል ላይ በተደረገ ሙከራም የመርፌው ነገር ታወቀ። ትሪገርም ብትሆን ቢች ባለባት ጊዜ፣ በጁን 1943፣ ከቶኪዮ ባሕረ ሰላጤ መውጫ ላይ ሂዮ የተባለችውን የአውሮፕላን ተሸካሚ መትታ ነበር፤ ሂዮ ግን ሳትሰጥም እየተጎተተች ወደብ ገባች። የቢች ቁጣ ያነጣጠረው በጃፓኖች ላይ አይደለም፤ ስህተቱ የአዛዦቹ ነው እያሉ ከአገር ቤት ይከራከሩ በነበሩት የመሣሪያ ኃላፊዎች ላይ ነው።

ጥያቄ፦ «ጸጥታ» የሚባለው ትእዛዝ በተግባር ምን ይመስል ነበር?

መልስ፦ በላይ ያለው የጠላት መርከብ ድምፅ እያዳመጠ ስለሚያድን፣ የአየር ማራገቢያው፣ ማቀዝቀዣውና ፓምፑ ሁሉ ይጠፋል፤ መሪው በሞተር መዞሩ ቀርቶ በእጅ ጉልበት ይዞራል። ሰዉ ጫማውን ያወልቃል፤ ወጥ ቤቱ ውስጥ አንድ ድስት እንኳ እንዳይወድቅ ይጠነቀቃሉ። ሙቀቱ ከ38 ዲግሪ በላይ ይወጣል፣ ላብና ከግድግዳው የሚንጠባጠብ እርጥበት ወለሉን ያሟልጫል፣ ሰማንያ ያህል ሰው የሚተነፍሰው አየር እየከበደ ራስ ያሳምማል፤ የተቃጠለውን አየር እንዲመጥ ዱቄት በአልጋዎቹ ላይ ይነሰነሳል። ባትሪው ደግሞ በየደቂቃው እየቀነሰ ነው፤ ለመሙላት ወደ ላይ ወጥቶ ናፍጣ ሞተር ማስነሳት ግድ ይላል። ከእነዚህ መርከቦች 52ቱ ጠፍተዋል፣ ከ3,500 የሚበልጡ ሰዎችም ሞተዋል። ሰርጓጆቹ ከባሕር ኃይሉ ሠራዊት 2 በመቶ ያህል ሆነው ሳለ ከሰጠሙት የጃፓን የንግድ መርከቦች ከግማሽ በላዩን ያሰጠሙት እነርሱ ናቸው።

ጥያቄ፦ በልብ ወለዱ መጨረሻ ላይ ዋናው ገጸ ባሕርይ በሕይወት አድን ጀልባ ላይ ያሉ ጠላቶችን ይገድላል። ደራሲው ይህን ይደግፋል ማለት ነው?

መልስ፦ አይመስለኝም። ተራኪው ሪቻርድሰን ተጎድቶ በወደብ በቀረበት ጊዜ የቀድሞ መርከቡ ዎልረስ በምክትሉ በብሌድሶ እየተመራች ሄዳ፣ ቡንጎ ፒት የሚል ቅጽል ስም በወጣለት ጃፓናዊ ሰርጓጅ አዳኝ እጅ ትጠፋለች። ቢች የትሪገርን ጉዳይ በልብ ወለድ መልክ መልሶ የጻፈው እዚህ ላይ ነው፦ የሄዱት ጠፍተው የቀረው ሰው በሕይወት አለ። ሪቻርድሰን በአዲሱ መርከቡ ጠላቱን ካሰጠመ በኋላ፣ ያ ሰው ከዳነ ነገ ሌላ መርከብ ይዞ እንደሚመለስ ስላወቀ ጀልባዎቹን በመርከቡ እየገጨ ያጠፋቸዋል። ድርጊቱ ውስጥ ስሌትም በቀልም አለ፤ ቢች ሁለቱን ለያይቶ አያቀርብልንም፣ ጀግናውንም ነጻ አያወጣውም። የመጽሐፉ ትልቅነት ለእኔ ይህ ነው። በ1958 ክላርክ ጌብልና በርት ላንካስተር የሠሩበት ፊልም ታሪኩን ስለ ለወጠው ይህ ጥያቄ እዚያ አይገኝም፤ ቢችም በፊልሙ ደስተኛ አልነበረም።

ጥያቄ፦ ዓለምን በውኃ ውስጥ ዞረ የሚባለው እርሱ ነው?

መልስ፦ አዎን። በ1960 ሁለት የኑክሌር ማብለያ ያላትን ትሪቶን የምትባል ሰርጓጅ መርከብ እያዘዘ፣ የማጄላንን መንገድ በአመዛኙ ተከትሎ፣ በአትላንቲክ መካከል ካሉት የቅዱስ ጴጥሮስና ጳውሎስ ቋጥኞች ተነሥቶ ወደዚያው ለመመለስ 60 ቀናት ከ21 ሰዓት ፈጀበት። በጉዞው መጀመሪያ ላይ አንድ የራዳር ባለሙያ በኩላሊት ጠጠር ስለ ታመመ፣ ወደ ሞንቴቪዲዮ አቅጣጫ ዞሮ ማማውን ብቻ ከውኃ በላይ አውጥቶ ለሌላ መርከብ አስረከበው። ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር ከክሩሽቾቭ ጋር ፓሪስ ላይ ከመገናኘታቸው በፊት ይህ ዜና እንዲሰማ ታስቦ ነበር፤ ሆኖም ሜይ 1 ቀን የአሜሪካ የስለላ አውሮፕላን በሶቪየት ምድር ተመትቶ ስለ ወደቀ ዜናው ተሸፈነ።

ጥያቄ፦ በስተርጅናው ስለ ፐርል ሃርበር ለምን ጻፈ? የሰርጓጅ ሰው አይደለም እንዴ?

መልስ፦ መነሻው የአባቱ ታሪክ ይመስለኛል። አባቱም የባሕር ኃይል መኮንንና ደራሲ ነበር። በ1916 በሳንቶ ዶሚንጎ መልሕቅ ጥላ የቆመችው ሜምፊስ የተባለች መርከቡ በድንገተኛ ግዙፍ ማዕበል ከዳርቻው ላይ ተወርውራ ከአርባ በላይ ሰው ሲሞት፣ አባቱ በጦር ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ተባለ። ልጁ በ1966 ስለዚህ መርከብ መጽሐፍ ጻፈ። በ1995 ደግሞ፣ በ1941 ጃፓን ፐርል ሃርበርን በድንገት ስትመታ ለደረሰው ሽንፈት ተጠያቂ የተደረጉትን የዚያን ጊዜ አዛዦች አድሚራል ኪመልንና ጄኔራል ሾርትን የሚከላከል መጽሐፍ አወጣ፤ ዋሽንግተን ያለው የበላይ አካል የነበረውን መረጃ ሳያካፍል ጥፋቱን በሜዳ ላይ ባሉት ሁለት ሰዎች ጫነ የሚል ነው። የታሪክ ሊቃውንት በዚህ ሁሉም አይስማሙም፤ እኔም አንዳንዱን ማስረጃ የሳሳ ሆኖ አግኝቼዋለሁ። በ1999 ግን የአሜሪካ ሴኔት የሁለቱ ማዕረግ እንዲመለስ የሚጠይቅ ውሳኔ ሲያሳልፍ፣ በ2002 ያረፈው ቢች ገና በሕይወት ነበር።