ጥያቄና መልስ፦ ሳጅን ዊልሰንን ስለተጫወተው ጆን ለ መዠረር

ስለ እንግሊዝ የድሮ ኮሜዲ ያላችሁን ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ጥያቄው ሁሉ ወደ አንድ ሰው አደላ፤ «ዳድስ አርሚ» በሚባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ኮሜዲ ሳጅን ዊልሰንን ወደተጫወተው ጆን ለ መዠረር። እኔም ደስ ብሎኛል፣ የምወደው ተዋናይ ነው። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ስሙን ሰምቼ አላውቅም። ማነው?

ስሙን ባታውቀውም ፊቱን ሳታየው አልቀረህም። በ1912 ቤድፎርድ ተወለደ። አባቱ የሕግ ሰው ስለነበሩ እሱም መጀመሪያ ጠበቃ ቢሮ ገባ፤ ግን ልቡ እዚያ አልነበረም። በ1933 ለንደን ትወና መማር ጀመረ፣ በኋላ ዝነኛ ተዋናይ የሆነው አሌክ ጊነስም እዚያው ተማሪ ነበር። ከዚያ በኋላ ከመቶ በላይ ፊልም ላይ ታየ። ሐኪም፣ ዳኛ፣ የቢሮ ኃላፊ፣ መኮንን፣ ያልሆነው የለም። በ1969ኙ «ኢታሊያን ጆብ» የእስር ቤቱ አዛዥ እሱ ነው።

ጥያቄ፦ «ዳድስ አርሚ» ላይ ቀልዱ ምኑ ላይ ነው? ለኔ ሽማግሌዎች ሲሰለፉ ብቻ ነው የሚታየኝ።

ታሪኩ በ1940 ይጀምራል። ጀርመን ባሕር ተሻግራ ትመጣለች ተብሎ ተፈርቷል። ለመደበኛው ጦር ዕድሜያቸው ያለፈ ወይም ገና ያልደረሰ ሰዎች «ሆም ጋርድ» የሚባለው ዘብ ውስጥ ይገባሉ። አዛዡ ካፒቴን ማነሪንግ የባንክ ሥራ አስኪያጅ ነው፣ ተዋናዩ አርተር ሎው። ሳጅን ዊልሰን ደግሞ ባንክ ውስጥም የሱ የበታች ነው። ግን ዊልሰን የጨዋ ልጅ ነው፤ ውድ ትምህርት ቤት የተማረ፣ አነጋገሩ የሚያስታውቅ። ማነሪንግ ደግሞ ለፍቶ የወጣ ሰው ነው። አለቅነቱ የማነሪንግ፣ ግርማው የዊልሰን። ቅናቱ ያንገበግበዋል! የእንግሊዝን የመደብ ነገር ካወቅክ በየክፍሉ ትስቃለህ። ከ1968 እስከ 1977 ድረስ 80 ክፍል ቢቢሲ ላይ ሄዷል።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ሰውየው እኮ ዝም ብሎ ነው የሚቆመው። ምን ሠራና ነው የሚያስቀው?

እሱ ነው ችሎታው! ሌላው ሲጮህ እሱ ቅንድቡን ያነሳል። ማነሪንግ እብድ ዕቅድ ሲያወጣ በለሰለሰ ድምፅ «ጌታዬ፣ ይሄ ነገር ያዋጣል ይላሉ?» ይላል። በቃ፣ ዕቅዱ አለቀለት። ለ መዠረር ገጸ ባሕርይውን ሲያስብ ራሴን ብሆንስ ብሎ ወሰነ። አንድ ሁለት ቁልፍ ሳይቆልፍ ይተዋል፣ የዩኒፎርሙን እጅጌም ትንሽ ወደ ላይ ያጥፈዋል። ይህ በራሱ ማነሪንግን ለማብሸቅ ይበቃል። የሚገርመው ደግሞ በእውነተኛው ጦርነት ለ መዠረር የታንክ ክፍለ ጦር ካፒቴን ነበር፤ ሎው ግን ሳጅን ሜጀር። ስክሪኑ ላይ ማዕረጋቸው ተገላበጠ።

ጥያቄ፦ ከኮሜዲ ውጭስ?

በ1971 ዴኒስ ፖተር የጻፈው «ትሬተር» የሚባል የቴሌቪዥን ድራማ አለ። አገሩን ከድቶ ሞስኮ የሚኖር እንግሊዛዊ ሰላይ ሆኖ ሠራ። ባፍታ፣ ማለትም የእንግሊዝ የፊልምና የቴሌቪዥን አካዳሚ፣ የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ሰጠችው።

ጥያቄ፦ የኮሜዲ ተዋናይቷ ሃቲ ዣክ ሚስቱ ነበረች ይባላል።

አዎ፣ ከ1949 እስከ 1965። እሷ ሌላ ሰው ወደደች። ፍቺው ሲመጣ ግን ጋዜጦች እንዳይረባረቡባት ጥፋቱን እሱ በራሱ ላይ አደረገ። ሐሜቱን እዚህ ላይ እንተወው።

ጥያቄ፦ ይህን ያህል ጎበዝ ከሆነ መሪ ተዋናይ ለምን አልሆነም?

አልተጨነቀበትም ባይ ነኝ። የተገኘውን ሥራ የሚሠራ ተዋናይ ነኝ ነበር የሚለው፣ የሕይወት ታሪኩንም ርዕስ ያደረገው ይህንኑ ነው። «ቤን ኸር» የሚባለው ፊልም ላይ ስሙ እንኳ አልተጻፈም። ትንሽ ሚና ግን ለሱ ትንሽ አልነበረችም። በ1959ኙ «አይም ኦል ራይት ጃክ» የፋብሪካ ሠራተኞችን የሥራ ፍጥነት በሰዓት የሚለካ ሰው ሆኖ ፊቱ ድንገት ድንገት ይንቀጠቀጣል። የሚታየው ለጥቂት ደቂቃ ነው፤ ግን አይረሳም።

ጥያቄ፦ የሞቱን ማስታወቂያ ራሱ ጻፈው የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። በኅዳር 1983 ዘ ታይምስ ጋዜጣ ላይ ወጣ። ጆን ለ መዠረር በ15ኛው ቀን «ክልትው» ማለቱን ሊያሳውቅ ይወዳል፣ ቤተሰቡንና ወዳጆቹንም በጣም ይናፍቃል የሚል ነው። ናፋቂው ሟቹ ነው፣ ልብ በሉ።

ጥያቄ፦ ከየት ልጀምር?

ከ1973ቱ የ«ዳድስ አርሚ» ክፍል፣ «ዘ ዴድሊ አታችመንት»። የተማረከው የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ አዛዥ ስማቸውን እየመዘገበ ያስፈራራቸዋል። ከዘቦቹ የአንዱን ወጣት ስም ሲጠይቅ ማነሪንግ «አትንገረው፣ ፓይክ!» ብሎ ይጮኻል። መጀመሪያ እሱን ሳቁና ጨርሱ። ሁለተኛ ስታዩት ግን ዓይናችሁን ዊልሰን ላይ አድርጉ።