«ሰርጓጁ ሰጠመ» ወይስ «ሰርጓጁ ጠለቀ»?

ጥያቄ፦ ስለ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሰርጓጅ መርከቦች በተጻፈ ጽሑፍ ላይ «የጀርመኑ ሰርጓጅ አውሮፕላን ሲያይ ሰጠመ፤ ማታ ወጥቶ የእንግሊዝን መርከብ ደበደበ» የሚል አነበብኩ። ጆሮዬን ቆረቆረኝ። ስሕተቱ ምኑ ላይ ነው?

መልስ፦ ጆሮዎ ልክ ነው። «ሰጠመ»ም «ደበደበ»ም ቦታቸውን ስተዋል፤ የፊተኛው ግን ይብሳል፤ በሕይወት ያሉትን መርከበኞች ገድሏቸዋል።

«ሰጠመ» ተመልሶ ለማይወጣ ነገር ነው። ወርዶ ለሚወጣው «ጠለቀ» እንላለን። ፀሐይ ጠለቀች እንጂ ሰጠመች አይባልም፤ ነገ ትወጣለችና። የዚያ ዘመን ሰርጓጅም ኑሮው ይኸው ነበር። የናፍጣ ሞተሩ አየር ስለሚፈልግ አብዛኛውን መንገድ የሚሄደው ከውሃ በላይ ነው። አውሮፕላን ሲመጣበት በግማሽ ደቂቃ ገደማ ይጠልቃል፤ ከዚያ በኋላ የሚነዳው በባትሪ ነው። ባትሪው ሲደክም ደግሞ መውጣት ግድ ይሆንበታል። በእርግጥ የሰጠሙም ብዙ ናቸው። እ.ኤ.አ. በሜይ 1943 ብቻ ጀርመን ከ40 በላይ ሰርጓጆች አጥታለች። «ሰጠመ»ንና «ጠለቀ»ን ያደባለቀ ጸሐፊ ያመለጠውን ከጠፋው ሊለይልን አይችልም።

ስሙም የሚነግረን ይህንኑ ነው። «ወለደ» «ወላጅ» እንደሚሆን ሁሉ «ሰረጎደ» «ሰርጓጅ» ሆኗል፤ ወደ ውስጥ የሚገባ ማለት ነው። ጀርመኖች «የባሕር ሥር ጀልባ» ይሉታል። እንደ እኔ የእኛው ስም ይበልጣል፤ መኖሪያውን ትቶ ሥራውን ይናገራልና።

«ደበደበ» ምቱ ሲደጋገም ነው። እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 14 ቀን 1940 ሌሊት የጀርመን አውሮፕላኖች የእንግሊዟን ኮቨንትሪ ለሰዓታት ደበደቧት ቢባል ያምራል። አንድ ቶርፔዶ (በውሃ ውስጥ ሄዶ መርከብ የሚመታ ፈንጂ) ግን ይተኮሳል፣ ይመታል እንጂ አይደበድብም። አንድ አውሮፕላን በሰርጓጅ ላይ ቦምብ ቢጥልም «ቦምብ ጣለበት» ማለት ይበቃል።

መምታትና ማስጠምም አንድ አይደሉም። አቴኒያ የተባለችው የእንግሊዝ የመንገደኞች መርከብ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 3 ቀን 1939 ምሽት ዩ-30 በተባለው የጀርመን ሰርጓጅ ተመታች፤ የሰጠመችው ግን በማግስቱ ነው። እዚህ ላይ «ተሰጠመች» የሚሉ አሉ፤ አያስኬድም። «ሰጠመ» ተሳቢ ስለማይፈልግ በ«ተ» አይደረግም። አድራጊው እንዲታወቅ ከተፈለገ «ዩ-30 አሰጠማት»፣ ካልሆነም «ተመትታ ሰጠመች» ይባል። «ሰመጠ»ም የሚነገር ነው፤ በአንድ ጽሑፍ ውስጥ ግን ከሁለቱ አንዱን ይዞ መዝለቅ ይሻላል።

አንድ ነገር ልጨምር፤ ሰርጓጁን በወንድ፣ መርከቧን በሴት ጾታ ከያዟቸው ማን ማንን እንደመታ ከግሡ ይታወቃል። ያነበቡት ሲቃና እንዲህ ይሆናል፦ «የጀርመኑ ሰርጓጅ አውሮፕላን ሲያይ ጠለቀ፤ ማታ ወጥቶ የእንግሊዟን መርከብ በቶርፔዶ መታት።» ሰጥማ ከሆነ ደግሞ «መትቶ አሰጠማት»።