የልማት ተነሺዎች ካሳ እንዴት ይሰላል? ጥያቄና መልስ

መላሽ፦ ለብዙ ዓመታት የሠራሁት በገጠር ንብረት ግምት ላይ ስለሆነ በዋናነት ስለ እርሻ መሬት እመልሳለሁ። ከሁሉ አስቀድሜ የማሳስበው፣ የንብረት ቆጠራውን ቅጽ በሚገባ ሳታነቡና ኮፒውን ሳትይዙ እንዳትፈርሙ ነው።

ጥያቄ (ከሱሉልታ)፦ ወላጆቻችን ምትክ መሬት እንደማይሰጣቸው ተነግሯቸዋል። የመፈናቀያው ካሳ በምን መሠረት ይሰላል?

መላሽ፦ የጉዳዩ ዋና ነገር ይህ ስለሆነ በዝርዝር እመልሳለሁ። በ1997 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 የአምስት ዓመት አማካይ ገቢን በ10 ያባዛ ነበር። በ2011 ዓ.ም. እርሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 1161 ግን፣ ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ላላገኘ ባለይዞታ፣ ከመነሳቱ በፊት በነበሩት ሦስት ዓመታት ካገኘው ዓመታዊ ገቢ ከፍተኛው በ15 እንዲባዛ ደንግጓል። ይህ ክፍያ በመሬቱ ላይ ላለው ንብረት ከሚከፈለው ካሳ በተጨማሪ የሚሰጥ ነው። ለምሳሌ የሦስቱ ዓመታት ገቢ 90,000፣ 150,000 እና 120,000 ብር ቢሆን፣ ትክክለኛው ስሌት 2,250,000 ብር ይሰጣል። ገማቹ በቀድሞው ልማድ አማካዩን ከወሰደ ግን 1,800,000 ብር ብቻ ይወጣል፤ ቤተሰቡም 450,000 ብር ያጣል።

ከማባዛቱ ይልቅ የበለጠ ጉዳት የሚደርሰው ግን ገቢው በሚመዘገብበት ጊዜ ነው። ገማች ኮሚቴው የወረዳውን አማካይ ምርት ወስዶ በሁሉም ማሳ ላይ እኩል ሲያውለው፣ በመስኖ በዓመት ሁለት ጊዜ የሚያመርተው ገበሬ አንድ ጊዜ ብቻ እንዳመረተ ይቆጠራል፤ የገለባው ዋጋም ሳይነሳ ይቀራል። ስለዚህ ለኅብረት ሥራ ማኅበር እህል ያስረከባችሁበትን ደረሰኝና ማዳበሪያ የገዛችሁበትን ሰነድ አሰባስቡ፣ የአዋሳኞቻችሁንም ምስክርነት ያዙ።

ጥያቄ (ከደብረ ብርሃን)፦ እኛስ ስንት ይከፈለናል?

መላሽ፦ የመሬቱ ስፋት፣ የሰብሉ ዓይነትና የሦስት ዓመት ገቢው ካልተገለጸ ምንም ማለት አይቻልም።

ጥያቄ (ከአዲስ አበባ)፦ ካርታ የሌለው ቤት ካሳ ያስገኛል?

መላሽ፦ አዋጁ የሚያውቀው ሕጋዊ ባለይዞታን ነው። የቤቱን ታሪክና ሰነዶች የሚመረምር ጠበቃ ያነጋግሩ።

አባል (ከባሕር ዳር)፦ ስሌቱ ቢስተካከልም ፍትሐዊ አይሆንም። ከገበሬው የተወሰደው መሬት በሊዝ ጨረታ ሲሸጥ የሚያወጣውን ዋጋ እያየን፣ ለእርሱ የምርቱን ግምት ብቻ መስጠት እንዴት ተገቢ ይሆናል?

አባል (ከሐዋሳ)፦ መሬት የግል ይሁን ካልን፣ ዝናብ በጠፋበት በመጀመሪያው ዓመት ገበሬው ሸጦ ከተማ ይገባል። የመንግሥት ባለቤትነት ከዚህ ጠብቆታል።

አባል (ከባሕር ዳር)፦ ከሽያጭ ጠብቆት ከመነሳት ግን አላዳነውም።

መላሽ፦ ወንድሞቼ፣ ወደ ጉዳያችን እንመለስ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን ደንግጎ፣ የግል ንብረት ለሕዝብ ጥቅም ሲወሰድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ እንዲከፈል ያዛል። እንደ እኔ እምነት ተነሺው ከመሬቱ ዋጋ ዕድገት ድርሻ ሊኖረው ይገባል፤ የዛሬው ሕግ ግን የሚተምነው ገቢውንና ንብረቱን ነው። ነገ ቆጠራ ለሚጠብቀው ገበሬ የሚጠቅመው በዚሁ ሕግ የተሰጠውን ሙሉ በሙሉ ማግኘቱ ነው።

ጥያቄ (ከአዳማ)፦ ለአንድ ሄክታር ስንት ይከፈላል?

መላሽ፦ ይህ ከላይ ተመልሷል። ለሄክታር የተቆረጠ ዋጋ የለም፤ አለ የሚላችሁን ሰው በጽሑፍ እንዲሰጣችሁ ጠይቁት።

ጥያቄ (ከደሴ)፦ የይዞታ ደብተሩ በእኔና በባለቤቴ ስም ነው፤ ገንዘቡ ግን በእርሱ ሒሳብ ብቻ ሊገባ ነው።

መላሽ፦ እህቴ፣ መብቱ የሁለታችሁ ነው። ከክፍያው በፊት ገንዘቡ በጋራ ሒሳብ እንዲገባ ለወረዳው በጽሑፍ አመልክቺ፤ ማመልከቻው ገቢ የተደረገበትን ኮፒም ያዢ።

ጥያቄ (ከጅማ)፦ ከፋዩ ማን ነው? ግምቱ ቢያንስብንስ?

መላሽ፦ በ2016 ዓ.ም. የወጣው ማሻሻያ አዋጅ ካሳ የመክፈሉን ኃላፊነት ለክልሎችና ለከተማ አስተዳደሮች ሰጥቷል፤ የድሮውን ቅጂ ብቻ ይዛችሁ አትከራከሩ። አቤቱታውን በተመለከተ፣ የማስለቀቂያው ትእዛዝ በደረሳችሁ በ30 ቀናት ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚው አካል በጽሑፍ ማቅረብ አለባችሁ። በቃል ማጉረምረም ቀኑን አያቆመውም። የፈረማችሁት ቅጽ ኮፒ ከእጃችሁ ከሌለ ግን፣ የትኛው ንብረት እንደተዘለለ ለማሳየት ትቸገራላችሁ፤ ስለዚህ ቅጹን ዛሬውኑ ጠይቁ።